ቁጥር 5223

እማማ ቤት ግድግዳ ላይ ሦስት ነገር ተሰቅሎ ነበር፤ ቅዱስ ጊዮርጊስ በነጭ ፈረሱ፣ እናቴና አክስቴ በልጅነታቸው ፎቶ ቤት የተነሡት ፎቶግራፍ፣ እና የእንሰት ሥዕል። ስለ ሁለቱ የሚጠይቅ እንግዳ አልነበረም። እንሰቱን አይቶ ሳይጠይቅ የወጣ ግን አላስታውስም። የአዲስ አበባ ሰው ሳሎኑ ውስጥ የሚሰቅለው ጽጌረዳ ወይም በረዶ የለበሰ የስዊዘርላንድ ተራራ ነው። ጓሮው ያለውን ተክል በመስተዋትና በክፈፍ አድርጎ የሚሰቅል ማን አለ?

ጓሮው ውስጥም ነበራ። ዶሮ ማነቂያ፣ ከማድ ቤቱ ጀርባ፣ አጥሩን ተደግፎ ሁለት እግር እንሰት ቆሞ ነበር። የሰፈሩ ሰው «ኮባ» ይለዋል፤ ለበዓል ድፎ የሚደፋ ሁሉ በዋዜማው ቅጠል ሊለምን ይመጣል። እማማ የጉራጌ ልጅ ናቸውና ልመናው ብዙም ደስ አይላቸውም ነበር። ከዳር ያረጀውን ቅጠል መርጠው ይቆርጡና «ልቡን እንዳትነኩብኝ» ብለው ይሰጣሉ። እሳቸው ራሳቸው ግን ከሁለቱ አንዱንም ፍቀው አያውቁም። ቆጯቸው የሚመጣው ከአገር ቤት ነው። «ለምን አይፋቅም?» ስንላቸው «ገና ነው» ይሉናል፤ እኔ ጎረምሳ እስክሆን ገና ነበር።

ስለ ሁሉ ነገር የሚያወሩት ሴት ስለ ሥዕሉ ሲጠየቁ ዝም ይሉ ነበር። «ማን ሰጣችሁ?» ሲባሉ «አባታችሁን ጠይቁ» ነው መልሳቸው። አባባ ደግሞ እኔ ሳልወለድ ነው የሞቱት። እናም ቤተሰቡ የየራሱን ታሪክ ሠራ። አጎቴ ከቤተ መንግሥት የወጣ ነው ይላል፤ ማስረጃው የክፈፉ ማማር ነው። ሥዕሉ ላይ በቀኝ በኩል ከላይ 5223 የሚል ቁጥር አለ፤ አጎቴ ይህን ቁጥር ለዓመታት በሎተሪ ሲያሳድደው ኖሮ አንድ ጊዜም አልደረሰውም። አክስቴ የሳለው የፍቼ ሰው ነው ባይ ናት። አባባ የፈረንጅ ፊደል መቁጠር ይችሉ ነበርና ከሥዕሉ ግርጌ ካለችው ደቃቅ ጽሑፍ ላይ «ፍቼ» ብለው ሲያነቡ በጆሮዋ ሰምታለች። እናቴ የራሷ ታሪክ የላትም፤ «ተዉአቸው» ትላለች።

በ2016 ዓ.ም. ፒያሳ ፈረሰች። ዶሮ ማነቂያም፣ ሠራተኛ ሰፈርም፣ እሪ በከንቱም አንድ ላይ ተነሡ። እማማ ከዚያ በፊት ስላረፉ ይህን አላዩም። ዕቃው ሲከፋፈል ቅዱስ ጊዮርጊስን እናቴ፣ ፎቶግራፉን አክስቴ ወሰዱ። እንሰቱን ማንም ስላልጠየቀ ለእኔ ደረሰ።

መጀመሪያ የሠራሁት ክፈፉን መፍታት ነው። ከጀርባው ኮምፔልሳቶ፣ በኮምፔልሳቶውና በሥዕሉ መካከል ደግሞ የተጣጠፈ አዲስ ዘመን ጋዜጣ ወጣ። የዓመተ ምሕረቱ የመጨረሻ አኃዝ በመቀስ ሄዷል፤ የሚነበበው «195» ብቻ ነው። እንግዲህ አባባ የከፈፉት በ1950ዎቹ ነው፤ የአጎቴ ቤተ መንግሥት እዚህ ላይ አበቃ፤ የቤተ መንግሥት ዕቃ የሚከፍፍ ሰው ጀርባውን በጋዜጣ አይሞላም። ሥዕሉ ራሱ ግን ከጋዜጣው በብዙ ዕድሜ የሚበልጥ ወፍራም ወረቀት ላይ ነው፤ በግራ ጠርዙ ከጥራዝ ተገንጥሎ የወጣበት የክር ቀዳዳ አለው። ከመጽሐፍ የተቆረጠ ነው ማለት ነው።

የአክስቴን ነገር ለማጣራት የሰላሌ ተወላጅ የሆነ የሥራ ባልደረባዬን ጠየቅሁት። ሳቀብኝ። ሰላሌ የወተት አገር ነው፤ የፍቼ ሠዓሊ ላም ይስላል እንጂ እንሰት ምን አግብቶት? ወመዘክርም ገባሁ፣ ስድስት ኪሎ የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ቤተ መጻሕፍትም ተቀመጥሁ። ብዙ ደስ የሚሉ ነገሮች አነበብሁ፤ አንዱም ከሥዕሉ ጋር አይገናኝም።

ነገሩ የተፈታው አራት ኪሎ ነው። የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ሳይንስ ፋኩልቲ ግቢ ውስጥ ብሔራዊ ኸርበሪየም አለ። የአገሪቱ ዕፅዋት ደርቀው፣ ወረቀት ላይ ተጣብቀው፣ በቁም ሣጥን ተደርድረው የሚኖሩበት ቤት ነው። እ.ኤ.አ. ከ1980 እስከ 2009 ስምንት ቅጽ የሆነውን የኢትዮጵያና የኤርትራ ዕፅዋት መጽሐፍ ሲያዘጋጁ የኖሩት ሊቃውንት ዋና ቤታቸው ይኸው ነበር። እዚያ ያገኘኋቸው ባለሙያ ሥዕሉን ከፌስታሌ ሳወጣ ገና ግማሹን አይተው «ይኼማ ቦታኒካል ማጋዚን ነው» አሉ። ቁጥሩን አነበቡ። ከግርጌ ያለችውን ጽሑፍ በአጉሊ መነጽር አይተው ደግሞ «ፍቼ አይደለም፤ ፊች ነው። ሠዓሊው ነው» አሉኝ።

ኮምፒውተራቸውን ከፈቱ። የድሮዎቹ ቅጾች ዛሬ በነጻ ይነበባሉ። ቅጽ 87፣ እ.ኤ.አ. 1861፣ ሥዕል 5223። የእማማ እንሰት ለንደን ላይ ታትሞ ስክሪኑ ላይ ቆመ።

ያን ቀን ማታ ተኝቼ ማደር አቃተኝ፤ የመጽሔቱን ታሪክ ሳነብ ነጋ። ሲጀመር ያቋቋመው ዊልያም ከርቲስ የሚባል፣ መድኃኒት ቅመማውን ትቶ በዕፅዋት ፍቅር የወደቀ እንግሊዛዊ ነው። በለንደን ዙሪያ የሚበቅለውን የዱር ተክል ሁሉ የሚያሳይ ትልልቅ ሥዕል ያለው መጽሐፍ በክፍል በክፍል ማውጣት ጀምሮ ነበር። ሊቃውንቱ አደነቁለት፣ ገዢ ግን ጠፋ፤ በየደጁ የበቀለውን አረም በውድ ዋጋ የሚገዛ አልተገኘም። ከርቲስ ነገሩ ገባው። በ1787 ፊቱን ወደ ባለጸጎቹ የአትክልት ቦታ አዞረና ከሩቅ አገር መጥተው በመስተዋት ቤት የሚያድጉትን አበቦች ይዞ ብቅ አለ። በየወሩ ሦስት ሥዕል፣ ከእያንዳንዱ ጋር ተክሉ ከየት እንደመጣና እንዴት እንደሚያዝ የሚናገር ጽሑፍ፣ ዋጋው አንድ ሽልንግ። የመጀመሪያው ሥዕል የፋርስ አይሪስ ነበር። መጽሔቱ ብዙ ሳይቆይ ሦስት ሺህ ያህል ገዢ አገኘ፤ የዱር አረሙ መጽሐፍ ያከሰረውን ሰው የባዕድ አበባ አቆመው።

ከርቲስ በ1799 ሞተ፤ መጽሔቱ ግን አልሞተም። ከእጅ እጅ ሲተላለፍ ቆይቶ በ1820ዎቹ መጨረሻ የግላስጎው መምህር በነበረው በዊልያም ሁከር እጅ ገባ። ሁከር በ1841 የኪው የዕፅዋት ማዕከል ዳይሬክተር ሆኖ ሲሾም መጽሔቱም አብሮት ሄደ፤ ከዚያ በኋላ ከኪው አልተለየም። ከአንደኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ለጥቂት ጊዜ ተቋርጦ የእንግሊዝ ንጉሣዊ የአትክልተኞች ማኅበር በ1921 አነሣው። በ1984 ስሙን ለውጠውት ነበር፤ ዐሥር ዓመት ያህል ቆይተው ወደ ቀድሞ ስሙ መለሱት፤ ደግ አደረጉ። ዛሬም ይወጣል። በፈረንሳይ አብዮት ዋዜማ የተጀመረ የአትክልት መጽሔት እስካሁን እየታተመ ነው።

ከዚህ ሁሉ ይበልጥ የያዘኝ ቀለሙ ነው። ማተሚያው የሚያወጣው ጥቁሩን መስመር ብቻ ነበር። አረንጓዴው፣ ቀዩ፣ ቢጫው በእያንዳንዱ ቅጂ ላይ በሰው እጅ ይቀባል፤ ሰዎች በረድፍ ተቀምጠው አንዱን ሥዕል ሺህ ጊዜ እየደጋገሙ ይቀቡታል። ይህ እስከ 1948 ድረስ ቀጠለ፤ ፎቶግራፍ፣ ሲኒማና የቀለም ማተሚያ ሁሉ ከመጣ በኋላ ማለት ነው። ሥዕሌን መልሼ አየሁት። በስተግራ ባለው ቅጠል ጫፍ ላይ አረንጓዴው ከመስመሩ ወጥቷል። በልጅነቴ ስንት ጊዜ አይቼዋለሁ፤ የመስተዋቱ እድፍ ይመስለኝ ነበር።

ፊች የተባለው ዋልተር ፊች ነው። በልጅነቱ ግላስጎው ውስጥ ለጨርቅ ፋብሪካ ጥለት ይስል ነበር፤ ሁከር ነው አይቶ ያወጣው። ከ1834 እስከ 1877 ለዚህ መጽሔት ሦስት ሺህ የሚጠጋ ሥዕል ሠርቷል። ብዙውን ጊዜ በወረቀት መጀመሩን ትቶ በቀጥታ ማተሚያው ድንጋይ ላይ ይስል ነበር ይባላል። መጨረሻው አላማረም፤ የዊልያም ልጅ ጆሴፍ ሁከር አባቱን ተክቶ ሲመራ በክፍያ ተጣሉና ከአርባ ዓመት በላይ የሠራበትን ቤት ጥሎ ወጣ። ከሥራው መጠን አንጻር ስሙን የሚያውቅ ሰው ጥቂት ነው፤ ዶሮ ማነቂያ ደግሞ ፍቼ ሆኖ ኖረ።

እንሰቱስ እንዴት ለንደን ገባ? እዚህ ላይ ታሪኩ ወደ እኛ ይመለሳል። በ1769 ምጽዋ የገባው ስኮትላንዳዊው ጀምስ ብሩስ ጎንደር ሳለ ተክሉን አይቶ ስሙን «እንሰት» ብሎ መዝግቦ ሥዕሉን አሳትሟል፤ የሙዝ ዘር እንዳልሆነም በእርግጠኝነት ጽፏል። የብሩስ የዕፅዋት ሥዕሎች አብዛኞቹ የጣሊያናዊው የሉዊጂ ባሉጋኒ እጅ ናቸው። ባሉጋኒ ብሩስን ተከትሎ መጥቶ በ1771 ጎንደር ላይ ሞተ፤ ብሩስ ግን አገሩ ሲገባ ሥዕሉን ሁሉ የራሱ አድርጎ አቀረበ። ይህን ሰው ደፋር መንገደኛ ነው ብለው የሚያወድሱ ብዙ ናቸው፤ እኔ ከባሉጋኒ ወገን ነኝ።

ከሰማንያ ዓመት በኋላ፣ በ1853፣ የእንግሊዝ ቆንስል ዋልተር ፕላውደን ለኪው ዘር ላከ። የአገሬው ስም «አንሴት» ነው የሚል ቃልም አብሮ ነበረ። ኪው ያሉት ሊቃውንት የእንሰት ዘር አይተው አያውቁምና ከብሩስ እንሰት ጋር አላገናኙትም። ዘሩ በቅሎ፣ ቅጠሉ ጣራውን ሊነካ ሲደርስ ነው የሙዝ ዘመድ መሆኑ የገባቸው። ፕላውደን የራስ ዓሊ፣ ኋላም የዐፄ ቴዎድሮስ ወዳጅ የነበረው ያው ፕላውደን ነው። በ1860 መጀመሪያ ጎንደር አጠገብ ሽፍቶች አቁስለውት ሞተ፤ ቴዎድሮስም ደሙን ክፉኛ ተበቀሉ። ሥዕሉ የወጣው በዓመቱ ነው፤ ዘሩን የላከው ሰው አላየውም።

የዘሩ ነገር ትንሽ ያቆየኝ። እንሰት የሚተክል ገበሬ ዘር አያውቅም ማለት ይቻላል። ኮረቱን ቆፍሮ፣ ልቡን ወግቶ ይቀብረዋል፤ በዙሪያው የሚያቆጠቁጡትን ችግኞች ነቅሎ ያዛውራቸዋል፤ ከዓመታት በኋላ አበባው ከመውጣቱ በፊት ወይም ገና ብቅ ሲል ይፍቀዋል። አበባ አውጥቶ፣ ፍሬ አፍርቶ፣ ዘሩ እስኪደርቅ የተተወ እንሰት ጉልበቱን ጨርሷል፤ ለጉራጌ ሴት የተበላሸ ሀብት ነው። ቅጠሉ ለዳቦ ብቻ በሚፈለግበት በሰሜኑ ግን እስኪያረጅ ይቆማል። መጽሔቱ ደግሞ የአትክልት መጽሔት ነውና የፈለገው አበባውንና ፍሬውን ነው። ስለዚህ በ1861 እንሰት ሁለት ቁጥር ተሰጠው፤ 5223 እና 5224። ሁለተኛው የአበባውና የፍሬው ነው። ዛሬ ወደ ሃያ ሚሊዮን የሚጠጋ ኢትዮጵያዊ የሚኖርበትን ተክል የእንግሊዝ አትክልተኛ ለግርማ ሞገሱ ሲል በበጋ ሣሩ መካከል ተከለው። አልፈርድበትም፤ የሚያምር ተክል ነው።

ይህን ሁሉ ለአክስቴ በስልክ ነገርኋት። ጸጥ ብላ ሰማችና «ታዲያ አባባ ለንደን ሄደው ነው ያመጡት?» አለች። ጥያቄው ልክ ነበር። እኔ መጽሔቱን እንጂ ቤታችንን አልፈታሁም።

አባባ ክፈፍ ሠሪ ነበሩ። ሱቃቸው ከአራዳ ጊዮርጊስ ወደ አትክልት ተራ በሚወርደው መንገድ ላይ ነበር። ፒያሳ የፎቶ ቤቶች አገር ናት፤ ከምኒልክ ዘመን ጀምሮ ነገሥታቱን ያነሡት አርመኖቹ ቦያጂያኖች እዚሁ ነበሩ፤ ከእነሱ በኋላም ፎቶ ቤት ከፎቶ ቤት ተያይዞ ተከፈተ። ፎቶ ካለ ክፈፍ አለ። ሱቁም መንገዱም ዛሬ የሉም፤ አትክልት ተራም በ2012 ዓ.ም. በኮሮናው ጊዜ ወደ ጃን ሜዳ ከተወሰደ በኋላ ወደ ድሮ ቦታው አልተመለሰም። የቀረው እድሩ ነው። ሰፈሩ በየኮንዶሚኒየሙ ቢበተንም እድሩ ሰው ሲሞት ይገናኛል፤ አንድ ለቅሶ ላይ የእድሩን ጸሐፊ ጠየቅኋቸው፤ የአባባ ሱቅ ውስጥ በልጅነታቸው የሠሩ ሰው በሕይወት አሉ አሉኝ።

ጋሼ ሰማንያውን አልፈዋል። ዓይናቸው ደክሟል፤ ጣታቸው ግን ሥዕሉን ሲቀበሉ ክፈፉን በማዕዘኑ ነው የያዙት፤ የሙያ ነገር ነው። በመዳፋቸው ከዳበሱት በኋላ ሳቁ።

«ያ የኮባው! እስካሁን አለ እንዴ?»

«ከየት እንደመጣ ያውቃሉ?»

«እንዴት አላውቅ። ዋጋውን የከፈልሁት እኔ አይደለሁ?»

ነገሩ እንዲህ ነው። አንዲት ፈረንጅ መምህርት ከአንድ አሮጌ መጽሐፍ የወጡ የአበባ ሥዕሎች ይዘው መጡ። ጥራዙ ተበጣጥሶ ስለነበር የሚያምሩትን መርጠው ሊሰቅሉ ነው። አባባ በሳምንት ሊያደርሱ ተስማሙ። በመካከሉ እማማ ምሳ ይዘው ሱቅ መጡ፤ ያኔ ልጅ ናቸው፤ ከአገር ቤት ከመጡ ብዙም አልቆዩ። ሥዕሎቹ ጠረጴዛው ላይ ተዘርግተዋል።

«አያትህ ቆመው ቀሩ» አሉኝ ጋሼ። «አበቦቹን አላዩም። የኮባው ሁለት ነበር፤ አንዱ ሙሉው ቆሞ፣ አንዱ አበባው ብቻ። አበባውን አዩና ‘ይኼ ያለፈበት ነው’ አሉ። ያኛውን ግን እጃቸውን ጭነውበት፣ እህል ውሃ ሳይሉ፣ አለቀሱ።»

ስለ 5224 አንድም ቃል አልነገርኋቸውም ነበር። ሁለት መሆኑን ከእሳቸው አፍ ስሰማ ወንበሬን አስጠጋሁ።

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ አያትህ ሴት ሲያለቅስ የሚችሉ ሰው አልነበሩም። ማታ ሥዕሉን አጥፈው ወደ ቤት ላኩት። ለፈረንጇ ደግሞ ኮላ ፈሶበት ተበላሸ ሊሏቸው ነው። ዝም ብሎ ተበላሸ ማለት አይሆንማ፤ ማሳያ ይፈለጋል። እንደዚያው ያለ ወፍራም ወረቀት አምጥተው፣ ኮላ አፍስሰውበት፣ አረንጓዴ ቀለም ነክተውበት፣ አድርቀው አስቀመጡ። ሴትዮዋ መጡ፣ አዩ፣ በጣም አዘኑ። የሌሎቹን ሁሉ ክፈፍ በነጻ ውሰዱ አሏቸው። አበባውን ጨምሮ ይዘው ሄዱ።»

እማማ ለምን ዝም ይሉ እንደነበር ገባኝ። የተሰረቀ ነገር ነው በየቀኑ ቅዱስ ጊዮርጊስ አጠገብ የተሰቀለው።

«ታዲያ ዋጋውን እኔ ከፈልሁ ያሉት?»

ጋሼ ክፈፉን መለሱልኝ። «ኮላውን ማን አፈሰሰው ብለው ይጠይቃሉ ሴትዮዋ። አያትህ ወደ እኔ ጠቆሙ። እኔም አንገቴን ደፋሁ፤ አስቀድመን ተነጋግረንበታል። ከእሳቸው ፊት የወር ደመወዙን ግማሽ ቆረጥሁበት አሏቸው፤ ይህ ለማስመሰል ነው ብዬ ዝም አልሁ። ለካስ ስምንት ክፈፍ በነጻ ሄዶባቸዋል፤ በወሩ መጨረሻ የምር ቆረጡት።»